አባት ደራሲ፥ ልጅ አዘጋጅ፤ ስለ ቼኩ ተዋናይ ስለ ሙሴ ዝዴኔክ ስቬራክ

ብዙ ሙያ የያዘ ሰው፥ ሁሉን ጀምሮ አንዱንም ሳይፈጽም እንዳይቀር ያሠጋል። ነገር ግን ሙያው ቢበዛም አሳቡ አንድ የሆነ ሰው አይታጣም። ከእንደዚህ ያሉት ሰዎች አንዱ የቼክ አገር ተዋናይና የሲኒማ ደራሲ ሙሴ ዝዴኔክ ስቬራክ ናቸውና፥ ታሪካቸውን ለቤተ ሰብ የሚጠቅም ሆኖ ስላገኘነው ባጭሩ እንጽፋለን። ዘመኑን የምንቈጥረው እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ነው።

ሙሴ ስቬራክ በ1936 ዓ.ም. በፕራግ ከተማ ተወለዱ። የመጀመሪያ ሙያቸው መምህርነት ነበር፤ ጥቂት ዓመት የቼክ ቋንቋ ካስተማሩ በኋላ ወደ ራዲዮ ሥራ ገቡ። ከዚያም ከጓደኞቻቸው ጋራ በያራ ጽምርማን ስም የተጠራውን ቴአትር አቋቋሙ፤ ጨዋታውም በ1967 ዓ.ም. ተጀመረ። ይህ ጽምርማን ሁሉን የሚያውቅ ሊቅ ነው ተብሎ ብዙ ታሪክ ተነግሮለታል፤ ነገር ግን ከደራሲዎቹ አሳብ በቀር የትም ያልኖረ ሰው ነው። ሕዝቡ እጅግ ስለ ወደደው፥ በ2005 ዓ.ም. ከቼኮች ሁሉ ታላቁ ማን ነው ተብሎ ድምፅ በተሰጠ ጊዜ ብዙ ሰው እርሱን መረጠ፤ በሕይወት ያልነበረ በመሆኑ ግን ከውድድሩ ወጣ።

ለሲኒማም ከሙሴ ላዲስላቭ ስሞልያክ ጋራ ብዙ ጻፉ። በ1976 ዓ.ም. በታየው በአንደኛው፥ አንድ የፋብሪካ ሠራተኛ በጐልማሳነቱ ወደ ማታ ትምህርት ቤት ይላካል፤ የገዛ ልጁም በዚያው ትምህርት ቤት ተማሪ ነው። ሙሴ ስቬራክ የመምህርነቱን ወንበር ቢተዉ፥ ትምህርት ቤቱን ከልባቸው እንዳላወጡት ከዚህ ይታወቃል።

ኋላም ልጃቸው ያን የሲኒማ አዘጋጅ ሆነ፤ አባትየው ይጽፋሉ፥ ልጁም ያዘጋጃል። እንዲህ አድርገው ሦስት የዕድሜ ዘመናትን በሦስት ሲኒማ አሳዩ፤ በ1991 ዓ.ም. ልጅነትን፥ በ1996 ዓ.ም. ጐልማሳነትን፥ በ2007 ዓ.ም. እርጅናን። በሦስቱም አባትየው ራሳቸው ተጫወቱ።

ከሦስቱ የከበረው ኮልያ የሚባለው ነው። ሎካ የተባለ ሚስት ያላገባ ሰው ቸሎ የሚባለውን ትልቅ መሰንቆ እየመታ፥ ሬሳ በሚቃጠልበት ቤት ለለቀስተኞች በመጫወት እንጀራውን ያገኛል። ዕዳ ስለ በዛበት ገንዘብ ተቀብሎ ከአንዲት የሩሲያ ሴት ጋራ በወረቀት ብቻ ተጋባ። ሴቲቱ ወደ ምዕራብ ጀርመን ሄደች፤ የአምስት ዓመት ልጅዋ ኮልያም ውሎ አድሮ በሎካ እጅ ወደቀ። ከ1968 ዓ.ም. ጀምሮ የሶቪዬት ወታደር በአገሩ ሰፍሮ ነበርና፥ ሩሲያዊ ማለት ለቼኮች የሚወደድ ስም አልነበረም። ሎካም መጀመሪያ ልጁን ለማሰናበት ይሻ ነበር። ነገር ግን እያበላው፥ እያስተኛው፥ በታመመም ጊዜ እያስታመመው፥ ሳያስበው አባት ሆነ። በ1989 ዓ.ም. መንግሥቱ ከተለወጠ በኋላ እናቲቱ ልጅዋን ልትወስድ መጣች፤ ሎካም የወደደውን አስረከበ። ይህ ሲኒማ በ1997 ዓ.ም. ከውጭ አገር ቋንቋ ሲኒማዎች መካከል ተመርጦ ኦስካር የሚባለውን የአሜሪካ ሽልማት ተቀበለ።

ሙሴ ስቬራክ ከዚህም በቀር ለሕፃናት ብዙ መዝሙር ደርሰዋል፤ በ1994 ዓ.ም. አከርካሪያቸው ለተጐዳ ሰዎች መርጃ ሆኖ የቆመውን ፓራፕሌ የሚባለውን ቤት ካቋቋሙትም አንዱ ናቸው።

እኛን እጅግ ያስደነቀን ግን ይህ ነው። በቤት ውስጥ አባት ያዛል፥ ልጅ ይታዘዛል። በሲኒማ ሥራ ግን አዘጋጁ ቁም ቢል ተዋናዩ ይቆማል፤ ድገም ቢል ይደግማል። ሙሴ ስቬራክ የጻፉትን ለልጃቸው ከሰጡ በኋላ ራሳቸውም በልጃቸው ትእዛዝ ሥር ቆሙ፤ ክብራቸውም በዚህ አልጐደለም። ልጁን ለሙያ ያበቃ አባት፥ ልጁ በሚያውቀው ነገር የልጁን ቃል ቢሰማ፥ የዘራውን አጨደ እንጂ ተዋረደ አይባልም።