የታይላሲን ሕይወትና መጥፋት፦ ከማስረጃው የቀደመ ፍርድ

መግቢያ

ታይላሲን (ሳይንሳዊ ስሙ ታይላሲነስ ሳይኖሴፋለስ) ማርሱፒያል ከሚባሉት፣ ማለትም ግልገሎቻቸውን ከሆዳቸው ሥር ባለ ከረጢት ከሚያሳድጉ አጥቢ እንስሳት ወገን የሚመደብ ሥጋ በል እንስሳ ነበር። ከዚህ ወገን እስከ 20ኛው ክፍለ ዘመን ከዘለቁት ሥጋ በሎች መካከል በአካሉ ትልቁም እርሱ ነበር። በጀርባው ላይ ባሉት ጥቋቁር መስመሮች ምክንያት «የታዝማኒያ ነብር»፣ በራስ ቅሉ ቅርጽ ምክንያት ደግሞ «የታዝማኒያ ተኩላ» እየተባለ ይጠራል። ይሁን እንጂ በዘር ሐረግ ከነብርም ሆነ ከተኩላ ጋር የቅርብ ዝምድና የለውም።

የእንስሳው መጥፋት ብዙውን ጊዜ የሚተረከው እንደ አደን ታሪክ ነው። ይህ ጽሑፍ ጉዳዩን ከማስረጃ አንጻር ይመረምራል። ታይላሲን በበግ ገዳይነት ተከሶ እንዲጠፋ የተወሰነው ማንም አካሉን፣ አመጋገቡንና የቁጥሩን መጠን ከመለካቱ በፊት ነበር። ልኬቱ የተገኘው እንስሳው ከጠፋ ከብዙ አሥርት ዓመታት በኋላ ከሙዚየም ናሙናዎች ነው። በጽሑፉ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ ጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው።

የአካል አወቃቀርና አኗኗር

ታይላሲንን ለሳይንስ ለመጀመሪያ ጊዜ የገለጸው በ1808 ጆርጅ ሃሪስ ነው። የሳይንሳዊ ስሙ ትርጉም «ውሻ ራስ ባለ ከረጢት» እንደማለት ነው። የአዋቂው እንስሳ አካል ከአፍንጫ እስከ ጭራ ሥር ከ100 እስከ 130 ሴንቲ ሜትር የሚደርስ ሲሆን፣ ጭራው ከ50 እስከ 65 ሴንቲ ሜትር ይረዝም ነበር። ጸጉሩ አጭርና አሸዋማ ቡናማ ነው። ከጀርባው አጋማሽ ጀምሮ እስከ ጭራው ሥር ከ13 እስከ 21 የሚደርሱ መስመሮች ነበሩት። ጭራው እንደ ካንጋሮ ጭራ ግትር በመሆኑ እንደ ውሻ ሊወዛወዝ አይችልም ነበር። የሴቷ ከረጢት ወደ ኋላ የሚከፈት ሲሆን፣ አራት ጡቶች ስለነበሯት በአንድ ጊዜ ልታሳድግ የምትችለው ቢበዛ አራት ግልገሎችን ነው። ወንዱም የመራቢያ አካሉን የሚከልልበት የቆዳ እጥፋት ነበረው፤ ይህም በማርሱፒያሎች መካከል እምብዛም የማይታይ ባሕርይ ነው።

ታይላሲን ለተመራማሪዎች ልዩ ትኩረት የሚስበው ከውሻ ወገን ጋር ባለው መመሳሰል ነው። የማርሱፒያሎችና የእንግዴ ልጅ ያላቸው አጥቢዎች የጋራ ቅድመ አያት የኖረው ከ160 ሚሊዮን ዓመታት ገደማ በፊት እንደሆነ ይገመታል። ይህን ያህል ርቀት ቢኖራቸውም የታይላሲንና የተኩላ የራስ ቅሎች እጅግ ይመሳሰላሉ። ሁለት የማይዛመዱ ፍጥረታት ተመሳሳይ ኑሮ በመኖራቸው ተመሳሳይ ቅርጽ የሚይዙበት የዝግመተ ለውጥ ሂደት ዐቢይ ምሳሌ ሆኖ የሚጠቀሰውም ለዚህ ነው። የሥነ እንስሳ ተማሪ ሁለቱን የራስ ቅሎች ከሚለይባቸው ቀላል ምልክቶች አንዱ በታይላሲን የላንቃ አጥንት ላይ የሚገኙት ሁለት ቀዳዳዎች ናቸው።

መመሳሰሉ ግን አሳሳች ውጤትም ነበረው። ተኩላን የሚመስል እንስሳ እንደ ተኩላ በጎችን ያድናል የሚለው ግምት ያለ ምርመራ ተቀባይነት አገኘ።

ከዋናው ምድር መጥፋት

ታይላሲን በመጀመሪያ በአውስትራሊያ ዋና ምድር፣ በኒው ጊኒና በታዝማኒያ ይኖር ነበር። በሰሜንና በምዕራብ አውስትራሊያ የሚገኙ ጥንታዊ የዋሻና የዐለት ሥዕሎች የአገሬው ሕዝቦች እንስሳውን በቅርበት ያውቁት እንደነበር ያሳያሉ። በዋናው ምድር የጠፋው ከ3,200 ዓመታት ገደማ በፊት ነው። ለዚህ መጥፋት የሚቀርቡት ምክንያቶች ሦስት ናቸው፦ ዲንጎ የተባለው የዱር ውሻ መምጣት፣ የሰዎች ቁጥርና የአደን ስልት ማደግ፣ እንዲሁም የአየር ንብረት መድረቅ። የእያንዳንዱ ድርሻ እስካሁን ያከራክራል።

ታዝማኒያ ከዋናው ምድር በባስ ወሽመጥ የተለየችው ከ10,000 ዓመታት በላይ በፊት በመሆኑ ዲንጎ ወደ ደሴቲቱ አልደረሰም። በዚያም ታይላሲን ከደሴቲቱ ነባር ሕዝብ ጋር ለሺህዎች ዓመታት አብሮ ኖሯል። ሁኔታው የተለወጠው እንግሊዞች በ1803 በደሴቲቱ ላይ ሰፈራ ከጀመሩና የበግ ርባታ ከተስፋፋ በኋላ ነው።

ክሱና የግድያው ሽልማት

በሰሜን ምዕራብ ታዝማኒያ ሰፊ መሬት የያዘው የቫን ዲመንስ ላንድ ኩባንያ ታይላሲን ለሚገድሉ ሰዎች ከ1830 ጀምሮ ሽልማት መክፈል ጀመረ። በኋላም የበግ አርቢዎች ጉዳዩን ወደ ደሴቲቱ ምክር ቤት ወሰዱት። በ1886 የቀረበው የውሳኔ ሐሳብ የጸደቀው በ12 ድጋፍና በ11 ተቃውሞ ነው። የአንድ ድምፅ ብልጫው ክሱ በዘመኑም ቢሆን ሁሉንም እንዳላሳመነ ያመለክታል። ከ1888 ጀምሮ መንግሥት ለእያንዳንዱ አዋቂ ታይላሲን 1 ፓውንድ፣ ለግልገል ደግሞ 10 ሺሊንግ ይከፍል ጀመር።

ክፍያው በ1909 እስኪቋረጥ ድረስ 2,184 ሽልማቶች ተከፍለዋል። ይህ አኃዝ ዝቅተኛው መጠን ተደርጎ መወሰድ ይኖርበታል፤ ኩባንያዎችና የግል አርቢዎች የከፈሉባቸውን፣ ለቆዳቸው የተገደሉትንና በወጥመድ ተይዘው የቀሩትን አያካትትም። የክፍያው አዝማሚያ ከጠቅላላው ድምር የበለጠ ይናገራል። በ1900 ከ150 በላይ ክፍያዎች ተፈጽመው ነበር፤ በ1908 ከ20 በታች ወረዱ፤ በ1909 ደግሞ በጣት የሚቆጠሩ ብቻ ቀሩ። አሽቆልቋዩ መስመር በመንግሥት የሒሳብ መዝገብ ላይ በየዓመቱ ይታይ ነበር። ሆኖም መዝገቡ የተያዘው ለገንዘብ ቁጥጥር እንጂ ለእንስሳው ብዛት ክትትል አልነበረም።

የክሱን እውነትነት በተመለከተ ሮበርት ፓድል በ2000 ባሳተመው መጽሐፍ የዘመኑን ሰነዶች መርምሮ የበግ ጉዳቱ እጅግ ተጋኖ እንደነበር ተከራክሯል። በጎች በባዘኑ ውሾች፣ በሌቦች፣ በብርድና በአያያዝ ጉድለት ያልቁ ነበር። ኪሳራውን ለታይላሲን መስጠት ግን የርባታውን ድክመት ለመሸፈን ይጠቅም ነበር።

የዘገየው ጥበቃ

እንስሳው እየተመናመነ መሆኑን የተገነዘቡ ሰዎች አልጠፉም። በታዝማኒያ ዩኒቨርሲቲ ያስተምሩ የነበሩት ቴዎዶር ቶምሰን ፍሊን በ1914 ታይላሲኖች ተሰብስበው በአንድ ትንሽ ደሴት እንዲጠበቁ ሐሳብ አቅርበው ነበር። በ1928 ደግሞ የአገር በቀል እንስሳት አማካሪ ኮሚቴ ጥብቅ ክልል እንዲቋቋም መክሮ ነበር። ሁለቱም ሐሳቦች ተግባራዊ አልሆኑም። በአንጻሩ የመካነ እንስሳት ፍላጎት ጨመረ፤ የለንደኑ መካነ እንስሳት በ1926 ለመጨረሻው ታይላሲኑ 150 ፓውንድ ከፍሏል። በግዞት ውስጥ የተሳካ እርባታ የተመዘገበው ግን በ1899 በሜልበርን አንድ ጊዜ ብቻ ነው።

በዱር ስለመገደሉ የተረጋገጠው የመጨረሻው ታይላሲን በ1930 በማውባና በአንድ ገበሬ ጥይት ወደቀ። ሙሉ የሕግ ጥበቃ የተሰጠው ሐምሌ 10 ቀን 1936 ነው። የመጨረሻው የታወቀ ታይላሲን በሆባርት ከተማ በነበረው የቦማሪስ መካነ እንስሳት የሞተው መስከረም 7 ቀን 1936፣ ማለትም ሕጉ ከወጣ ከ59 ቀናት በኋላ ነበር።

የዚህ የመጨረሻ እንስሳ ታሪክ ራሱ የመረጃ አያያዝ ችግርን ያሳያል። ለብዙ ዓመታት «ቤንጃሚን» የተባለ ወንድ እንደነበር ሲነገር ቆይቷል፤ አስከሬኑም እንደጠፋ ይታመን ነበር። በ2022 ሮበርት ፓድልና ካትሪን ሜድሎክ ያረጀች ሴት እንደነበረች፣ ቆዳዋና አጥንቷም በታዝማኒያ ሙዚየም ሳይጠፋ መቆየቱን አረጋገጡ። የተያዘችበት የመሬት ወጥመድ በሕግ የተከለከለ ስለነበር መካነ እንስሳቱ ግዢውን አልመዘገበም። ቆዳዋም ምንነቱ ሳይታወቅ ለትምህርት ቤት ጉብኝት ማሳያነት ሲዞር ኖሯል።

ከመጥፋቱ በኋላ የተገኘው ልኬት

የታይላሲን አማካይ ክብደት ለረጅም ጊዜ ወደ 30 ኪሎ ግራም ይገመት ነበር። በ2020 የታተመ ጥናት የ93 አዋቂ ናሙናዎችን መጠን በሦስት አውታር ምስል ለክቶ አማካዩ 16.7 ኪሎ ግራም መሆኑን አገኘ፤ የወንዱ 19.7፣ የሴቷ 13.7 ኪሎ ግራም ነው። ልዩነቱ ቀላል አይደለም። በሥጋ በሎች ጥናት ክብደታቸው ከ20 ኪሎ ግራም ገደማ በታች የሆኑ አዳኞች በአብዛኛው ከራሳቸው እጅግ ያነሱ እንስሳትን እንደሚያድኑ ይታወቃል። ከዚህ አስቀድሞ በ2011 የወጣ የራስ ቅል ጥናትም መንጋጋው የሚታገል ትልቅ እንስሳን ለመያዝ የሚያበቃ ጥንካሬ እንዳልነበረው አሳይቷል። ሁለቱ ውጤቶች ሲገናኙ ታይላሲን ዐዋቂ በግን አዘውትሮ የሚገድል አዳኝ ነበር የሚለውን ክስ ያዳክሙታል።

የመጥፋቱን መንስኤ በተመለከተ አንዳንዶች በሽታን ዋና ምክንያት ያደርጋሉ። በ1909 ከተሰበሰበና በአልኮል ከተጠበቀ ግልገል በ2017 የተነበበው ጂኖምም የእንስሳው የዘረመል ብዝኃነት ሰው አውስትራሊያ ከመድረሱ በፊት መቀነስ መጀመሩን አመልክቷል። ይሁን እንጂ የአደሌድ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች በ2013 ያወጡት የሒሳብ ሞዴል የሽልማት አደን፣ የመኖሪያ መጥበብና የካንጋሮና የዋላቢ መመናመን ተደምረው ያለ በሽታ እንኳ ለመጥፋቱ በቂ እንደነበሩ አሳይቷል። ጠባብ የዘረመል መሠረት ተጋላጭነትን ሊጨምር ይችላል፤ በ21 ዓመታት ውስጥ ለተከፈሉት 2,184 ሽልማቶች ግን ማስተባበያ አይሆንም።

ማጠቃለያ

የታይላሲን ታሪክ ለዱር እንስሳት አስተዳደር ሦስት ተያያዥ ነጥቦችን ያቀርባል። አንደኛ፣ በአዳኝ ላይ የሚቀርብ የጉዳት ክስ ከእርምጃ በፊት በመስክ ሊለካ ይገባል፤ በታዝማኒያ ቅደም ተከተሉ ተገልብጦ ነበር። ሁለተኛ፣ ለሌላ ዓላማ የተያዘ መዝገብም የመመናመን ምልክት ሊሰጥ ይችላል፤ የክፍያ ሰነዱ ያሳየውን የሚያነብ አካል ቢኖር ኖሮ ከ1909 እስከ 1936 ያሉት 27 ዓመታት ለጥበቃ ይውሉ ነበር። ሦስተኛ፣ ዛሬ ስለ ታይላሲን በእርግጠኝነት የምናውቀው አብዛኛው ነገር የተገኘው ሙዚየሞች በጥንቃቄ ካቆዩአቸው አጥንቶች፣ ቆዳዎችና ግልገሎች ነው።

በአሁኑ ወቅት በሜልበርን ዩኒቨርሲቲ የሚገኙ ተመራማሪዎች እንስሳውን በዘረመል ቴክኖሎጂ መልሶ የመፍጠር ሥራ ጀምረዋል። ሥራው የቱንም ያህል ቢራመድ ጥንት በአዳኙና በበግ አርቢው መካከል የነበረውን ጥያቄ አይፈታም። ወደ ደሴቲቱ የሚመለስ ታይላሲን ቢኖር የሚጠብቀው ያው በግ የሚሰማራበት መሬት ነው፤ የመጀመሪያው በግ ሞቶ ሲገኝም ገዳዩ ማን እንደሆነ መርምሮ የሚያረጋግጥ ሥርዓት አስቀድሞ ሊኖር ይገባል።