የብርሃን ፖላራይዜሽን ምንድን ነው? ለምንስ ይጠቅማል?

ለማስተማር ልምምድ ወደ አንድ ትምህርት ቤት በወጣን ጊዜ የደረሰብንን ሳንደብቅ በመናገር እንጀምራለን። ርእሳችን የብርሃን ፖላራይዜሽን ነበር። በቤተ ሙከራው ውስጥ ፖላሮይድ የሚባለው ፊልም ስላልነበረ፣ ከመንገድ ዳር «ፖላራይዝድ ነው» የተባለ ጥቁር መነጽር ሁለት ገዛን። ሐሳባችን አንዱን ከሌላው ፊት ይዘን ሩብ ዙር ስናዞረው ብርሃኑ ድርግም ብሎ ሲጠፋ ተማሪዎቹ እንዲያዩ ነበር። አዞርን፤ ምንም የለም። እንደገና አዞርን፤ መስኮቱ እንዳለ ይታያል። ከኋላ ወንበር አንድ ልጅ «ቲቸር፣ እርስዎ ይዙሩና ይሞክሩት» ሲል ክፍሉ በሳቅ ሞላ።

መነጽሮቹ ለካ ቀለም የተነከረ ፕላስቲክ ብቻ ናቸው። ጥፋቱን ሁሉ በሻጩ ላይ ማላከክ ግን አይቻልም። የብርሃን አስተማሪ ነን የምንል ሰዎች ከመግዛታችን በፊት መፈተን ነበረብን፤ መፈተኛውም በኪሳችን ነበር፤ ወደ በኋላ እንመለስበታለን።

ከሁሉ በፊት የቃሉን ትርጉም እንመልከት። ብርሃን ሞገድ ነው። የአንድ ገመድ ጫፍ ከዛፍ ላይ አስረን ሌላውን ጫፍ ወደ ላይና ወደ ታች ብንነቀንቀው ሞገዱ ወደ ዛፉ ይሄዳል፤ ገመዱ ራሱ ግን የሚርገበገበው ወደ ላይና ወደ ታች ነው። ወደ ግራና ወደ ቀኝ፣ ወይም በሰያፍ ልንነቀንቀውም እንችላለን። ብርሃንም እንደዚሁ ከሚሄድበት መስመር አግድም ይርገበገባል፤ የሚርገበገበው ግን ገመድ ሳይሆን የኤሌክትሪክና የማግኔት መስክ ነው። ከፀሐይ፣ ከአምፑል ወይም ከኩራዝ የሚወጣው ብርሃን ርግብግቢቱ በየአቅጣጫው የተደባለቀ ነው። ይህ ድብልቅ ተለይቶ በአንድ አቅጣጫ ብቻ ሲሆን ብርሃኑ ፖላራይዝድ ሆነ ይባላል። ድምፅ በአየር ውስጥ እንዲህ ሊሆን አይችልም። አየሩ የሚርገበገበው ድምፁ በሚሄድበት መስመር ላይ ወደ ፊትና ወደ ኋላ ነውና የሚመረጥ አቅጣጫ የለውም።

ስያሜውን ያወጣው ኤትየን ሉዊ ማሉስ የተባለ ፈረንሳዊ መሐንዲስ ነው። ይህ ሰው ከናፖሊዮን ጦር ጋር ወደ ግብፅ ዘምቶ ወረርሽኝ ይዞት ከሞት የተረፈ ነው። እ.ኤ.አ. በ1808 አንድ ምሽት ፓሪስ ከቤቱ ሆኖ፣ ምስልን ሁለት አድርጎ በሚያሳይ የአይስላንድ ክሪስታል ውስጥ፣ በሉክሳምቡር ቤተ መንግሥት መስኮቶች ላይ ያረፈችውን የምትጠልቅ ፀሐይ ይመለከት ነበር። ክሪስታሉን ሲያዞረው ከሁለቱ ምስሎች አንዱ ደበዘዘ። በመስተዋት ላይ ተንጸባርቆ የመጣ ብርሃን ከቀጥታው ብርሃን የተለየ ጠባይ እንዳለው የታወቀው በዚህ ነው። በዚያን ጊዜ ብዙዎቹ ሊቃውንት ብርሃንን እንደ ጥቃቅን ቅንጣቶች ያስቡት ስለነበር፣ ማሉስም ቅንጣቶቹ እንደ ማግኔት ዋልታ አላቸው ብሎ «ፖላራይዜሽን» አለው። ብርሃን ግን ዋልታ የለውም። በመሆኑም ቃሉን «ዋልታ» ብሎ ወደ አማርኛ መመለስ የማሉስን ስሕተት አብሮ መተርጎም ስለሚሆንብን እንዳለ ትተነዋል።

ሕጉ ቀላል ነው። ሁለት ፊልሞች አቅጣጫቸው አንድ ሲሆን ከመጀመሪያው የወጣው ብርሃን ከሞላ ጎደል በሁለተኛው ያልፋል። ሁለተኛውን በ30 ዲግሪ ብናዞረው ሦስት አራተኛው፣ በ45 ዲግሪ ግማሹ፣ በ60 ዲግሪ ሩቡ፣ በ90 ዲግሪ ምንም። ይኸውም የማዕዘኑ ኮሳይን በራሱ ሲባዛ ማለት ነው።

እዚህ ላይ አስተማሪ የሚሆን ሰው ሊጠነቀቅበት የሚገባ ነገር አለ። ብዙ ጊዜ ፊልሙ በአጥር ይመሰላል፤ ቋሚ እንጨቶች ባሉት አጥር መካከል ገመድ ብናሳልፍ ላይና ታች የሚርገበገበው ያልፋል፣ ግራና ቀኝ የሚርገበገበው ይታገዳል እንላለን። ምሳሌው ለመጀመሪያ ቀን ይበቃል እንጂ ሁለት ጉድለት አለበት። አንደኛ፣ በፊልሙ ውስጥ ያሉት ረጃጅም ሞለኪውሎች የሚውጡት በእነሱ ርዝመት ልክ የሚርገበገበውን ብርሃን ነው። ስለዚህ የሚያልፈው ከ«እንጨቶቹ» ጋር መስቀለኛ የሆነው ነው፤ የአጥሩ ግልባጭ መሆኑ ነው። ሁለተኛው ጉድለት የበለጠ ያስገርማል። ሁለት ፊልሞች በመስቀለኛ አድርገን ጨለማ ካገኘን በኋላ፣ ሦስተኛ ፊልም በመካከላቸው በ45 ዲግሪ ብናስገባ ብርሃኑ ተመልሶ ይመጣል! ከመጀመሪያው ፊልም የወጣው ብርሃን ሩቡ ያልፋል። አጥር ላይ አጥር ተጨምሮ መንገድ ሲከፈት ማን አይቷል? ምክንያቱ ፊልሙ ብርሃኑን መምረጥ ብቻ ሳይሆን፣ ያሳለፈውን ወደ ራሱ አቅጣጫ አዙሮ ስለሚለቀው ነው። ከእኛ መካከል ይህን ሳያይ ያመነ አንድም አልነበረም።

የፊልሙ ታሪክ ደግሞ ከመድኃኒት ቤት ይጀምራል። እ.ኤ.አ. በ1852 ዊልያም ሄራፓት የተባለው የእንግሊዝ አገር ሐኪም፣ ተማሪው ኪኒን በተሰጠው ውሻ ሽንት ላይ አዮዲን ጠብ ቢያደርግ የተፈጠሩትን አረንጓዴ ክሪስታሎች በማይክሮስኮፕ አያቸው። ሁለቱ በተደራረቡበት ቦታ አንዳንዱ ጥቁር፣ አንዳንዱ ብሩህ ነበር። (ኪኒን ያኔ የወባው መድኃኒት ስም ነው፤ እኛ ዛሬ ማንኛውንም እንክብል ኪኒን የምንለው ከዚሁ የመጣ ነው።) ክሪስታሎቹ እጅግ ጥቃቅንና ተሰባሪ ስለሆኑ ግን ለሥራ አልተመቹም። ችግሩን የፈታው ኤድዊን ላንድ ነው። የኮሌጅ ትምህርቱን አቋርጦ፣ በእኛ ዕድሜ እያለ፣ ክሪስታሎቹን በፕላስቲክ ውስጥ በአንድ አቅጣጫ አሰልፎ እ.ኤ.አ. በ1929 የፈጠራ መብት ጠየቀበት። እ.ኤ.አ. በ1938 ደግሞ ኪኒኑን ጭራሽ ትቶ፣ ተለጥጦ የተሳበ ፕላስቲክ በአዮዲን በመንከር የተሻለ ፊልም ሠራ። ዛሬም በአብዛኛው የሚሠራበት ዘዴ ይኸው ነው።

ታዲያ ይህ ፊልም የት ይገኛል? በየኪሳችን ነው። የካልኩሌተርና የብዙ ሞባይሎች ስክሪን ሁለት ፖላሮይድ በመስቀለኛ የተለጠፉበት ሲሆን፣ በመካከላቸው ፈሳሽ ክሪስታል አለ። ፈሳሽ ክሪስታሉ የብርሃኑን ርግብግቢት 90 ዲግሪ ስለሚጠመዝዘው ብርሃኑ ያልፋል፤ የኤሌክትሪክ ኃይል ሲደርሰው ግን ጥምዛዜው ይፈታና ያ ቦታ ይጨልማል። የካልኩሌተሩ ጥቁር አኃዝ ከዚህ ሌላ ምንም አይደለም። እንግዲህ የመነጽር መፈተኛው ይህ ነው፦ የበራ ስክሪን ላይ መነጽሩን አስጠግቶ ቀስ እያሉ ማዞር። ስክሪኑ በአንድ አቅጣጫ ከጨለመ መነጽሩ እውነተኛ ነው፤ ምንም ካልተለወጠ ብርዎን ወደ ኪስዎ ይመልሱ።

እውነተኛው መነጽር ጥቅሙ ነጸብራቅን መቀነስ ነው። በ53 ዲግሪ ግድም ከውኃ ላይ፣ በ56 ዲግሪ ግድም ከመስተዋት ላይ የሚመለስ ብርሃን ሙሉ በሙሉ ፖላራይዝድ ነው፤ ይህን ዴቪድ ብሩስተር እ.ኤ.አ. በ1815 በሕግ አስቀመጠው። ክረምት ላይ ዝናብ አባርቶ ፀሐይ ስትወጣ ከሳሪስ ወደ ቃሊቲ ሲነዱ ከአስፋልቱ የሚመጣው አንጸባራቂ ብርሃን በአብዛኛው አግድም የሚርገበገብ ስለሆነ፣ ቁሙን ብቻ የሚያሳልፍ መነጽር ያስቀረዋል።

አሁን ወደ ስኳር እንለፍ፤ በአገራችን ፖላራይዜሽን ዋነኛ ሥራ የሚሠራው እዚያ ነውና። እ.ኤ.አ. በ1815 ዣን ባፕቲስት ቢዮ አንዳንድ ፈሳሾች በውስጣቸው የሚያልፈውን ፖላራይዝድ ብርሃን እንደሚያዞሩ አገኘ። የስኳር ውኃ ወደ ቀኝ ያዞራል፤ ስኳሩ በበዛ ቁጥር መዞሩም ይበዛል። 26 ግራም ንጹሕ ስኳር በውኃ ሟሙቶ 100 ሚሊ ሊትር ሲሆንና በ20 ሳንቲ ሜትር ቱቦ ውስጥ ሲታይ ቢጫውን ብርሃን 34.6 ዲግሪ ያህል ያዞረዋል፤ የስኳር ፋብሪካዎች መለኪያ ይህን 100 ብሎ ይጠራል። በ1946 ዓ.ም. ሥራ ከጀመረው ከወንጂ አንሥቶ በመተሐራም በፊንጫም በየቤተ ሙከራው «ፖል» የሚባለው ቁጥር ይኸው ነው። ከሸንኮራው ጭማቂ ናሙና ይወሰዳል፣ ይጣራል፣ በቱቦ ይሞላል፣ በመሣሪያው ይነበባል። ምን ያህል ስኳር ከማሳ እንደ ገባ፣ ምን ያህሉ በገለባው እንደ ባከነ የሚታወቀው በዚህ ነው። ስኳር ለመግዛት ተሰልፈን የቆምን ሰዎች አንድ የብርሃን መሣሪያ ከዚያ ኪሎ ጀርባ መኖሩን አናውቅም ነበር!

ይህን በክፍል ውስጥ ማሳየት ይቻላል። በክብደት ሁለት እጅ ስኳር በአንድ እጅ ሙቅ ውኃ አሟሙቶ፣ በብርጭቆ 10 ሳንቲ ሜትር ያህል ሞልቶ፣ ነጭ በሆነ የሞባይል ስክሪን ላይ ማስቀመጥና ከላይ በፊልም መመልከት ነው። ጨለማ የሚገኝበት ቦታ ወደ 60 ዲግሪ ያህል ፈቀቅ ብሎ ይገኛል። ሰማያዊው ብርሃን ከቀዩ የበለጠ ስለሚዞር ሙሉ ጨለማ አይመጣም፤ በምትኩ ፊልሙ ሲዞር ስኳሩ ከቀለም ወደ ቀለም ይለዋወጣል። ሙከራው ካለቀ በኋላ ስኳሩ ሻይ ውስጥ ይገባል፤ ኪሳራ የለውም።

ማርስ? ከአበባ የተሠራ ማር በውስጡ ወደ ግራ የሚያዞረው የፍሬ ስኳር ስለሚያይል ብርሃንን ወደ ግራ ያዞራል። ሰው ስኳር ከቀላቀለበት ንባቡ ወደ ቀኝ ይሳባል። ስለሆነም የማርን ንጽሕና ከሚፈትኑት ዘዴዎች አንዱ ይህ ነው፤ ብቻውን ግን ፍርድ አይሰጥም፤ ከአበባ ሳይሆን ነፍሳት በዛፍ ላይ ከሚተዉት ጣፋጭ ፈሳሽ የተሠራ ማርም ወደ ቀኝ ያዞራልና። ማሩን የሠራችው ንብ ደግሞ መንገዷን የምታገኘው በፖላራይዝድ ብርሃን ነው። ሰማያዊው ሰማይ፣ በተለይ ከፀሐይ 90 ዲግሪ በራቀው በኩል፣ ፖላራይዝድ ነው። ካርል ፎን ፍሪሽ እ.ኤ.አ. በ1949 እንዳሳየው ንብ ፀሐይ በደመና ብትሸፈን እንኳ ጥቂት ሰማያዊ ሰማይ ካየች አቅጣጫዋን አትስትም፤ ለንቦች ጥናቱ እ.ኤ.አ. በ1973 የኖቤል ሽልማት ተሰጥቶታል። ጥቅምት ላይ ሰማዩ ሲጠራ ጧት ወጥታችሁ አናታችሁ ላይ ያለውን ሰማይ በፊልም ብታዩት፣ ስታዞሩት ሲጠቁርና ሲፈካ ታገኙታላችሁ።

የክፍለ ከተማችን ስም ራሱ ከዚህ ጉዳይ አይርቅም። ነፋስ ስልክ ማለት ሽቦ ሳይኖረው በነፋስ የሚሄድ ስልክ፣ ማለትም ሬዲዮ ነው፤ የሬዲዮ ሞገድም ከብርሃን ጋር አንድ ዘር ነው፤ ፖላራይዝ ይሆናል። ዲሽ የሚሠሩ ልጆች ጣሪያ ላይ ሆነው ከቁጥሩ ቀጥለው «ኤች ነው ወይስ ቪ?» እያሉ ሲጯጯሁ ሰምታችሁ ይሆናል። ኤች አግድም፣ ቪ ቁም የሚርገበገብ ሞገድ ነው። ሳተላይቱ በአንድ ድግግሞሽ ሁለት የተለያየ ጭነት፣ አንዱን በቁም አንዱን በአግድም ይልካል፤ ሪሲቨሩም ለቪ 13 ቮልት፣ ለኤች 18 ቮልት ወደ ኤልኤንቢው በመላክ የሚፈልገውን ይመርጣል። ዲሹ በምዕራብ ካለው ናይልሳት በምሥራቅ ወዳለው ኢትዮሳት ሲዞር ኤልኤንቢውንም መጠምዘዝ የሚያስፈልገው ለዚህ ነው።

በከበሩ ድንጋዮች በኩል ጥቂት ብቻ እንበል። በሻኪሶ አካባቢ የሚወጣው መረግድ በመስቀለኛ ፊልሞች መካከል አንድ ዙር ሲዞር አራት ጊዜ ይበራል፣ አራት ጊዜ ይጨልማል፤ አረንጓዴ ጠርሙስ ግን እንደጨለመ ይቀራል። ለደላንታው ኦፓል ይህ ፈተና አይሠራም፤ ኦፓልም እንደ ጠርሙስ ጨለማ ነው።

አሁን በጣም ወደሚያሳስበን ነገር እንመጣለን። ሰኔ 14 ቀን 2012 ዓ.ም. ላሊበላን ጨምሮ በሰሜን አገራችን የቀለበት ግርዶሽ ታየ። ሐምሌ 26 ቀን 2019 ዓ.ም. ደግሞ ከአገራችን በከፊል የሚታይ ግርዶሽ አለ። በእንዲህ ያለው ቀን «ፖላራይዝድ መነጽር አለኝ» ብሎ ወደ ፀሐይ የሚያይ ልጅ ዓይኑን ያጣል። አንድ ፊልም ብርሃኑን በግማሽ ነው የሚቀንሰው። ሁለት ፊልም በመስቀለኛ ቢያዝ እንኳ ለዓይን የጨለመ ይመስላል እንጂ ዓይን የማያየው ታሕተ ቀይ ጨረር ያልፋል፤ ዓይኑ እየተቃጠለ ሕመም አይሰማውም። ለግርዶሽ ተብሎ የተሠራው መነጽር ሌላ ነገር ነው። ይህን ርእስ የሚያስተምር ሁሉ ፊልሙን ለልጆች ከማደሉ በፊት መናገር ያለበት ይህን ነው።

ፊልሙን ያገኘነው ጀሞ ካሉ የሞባይል ጠጋኞች ከተጣለ ስክሪን ነው፤ ሲጠየቁ በነጻ ይሰጣሉ። ስትልጡ ግን መስተዋቱ እጅ ይቆርጣል፤ ፈሳሹንም አትንኩ። ሁለቱ ቁራጮች ከዚህ ጋዜጣ በስተቀኝ በክር ተንጠልጥለዋልና እየነካችሁ ሞክሩ። ሦስተኛዋ ቁራጭ ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ ጠፍታለች። የወሰደ ሰው ቢመልስልን ደስ ይለናል፤ ያለእሷ ሁለቱ ጨለማ ብቻ ናቸው።