የወደብ ሼህ

በእንፋሎት ዘመን መርከብ የሚያስኬደው ከታች፣ እሳቱ ፊት ቆሞ ከሰል የሚጨምረው ሰው ነበር። በዌልሷ የከሰል ወደብ በካርዲፍና በሰሜን እንግሊዟ ሳውዝ ሺልድስ ይህን ሥራ ከያዙት ብዙዎቹ የመኖች ናቸው፤ ከታኢዝ ዙሪያ ተራሮች ወርደው፣ በእንግሊዝ እጅ ከነበረችው ከኤደን የተሳፈሩ የገበሬ ልጆች። ወገኖቻቸው ቀይ ባሕርን ተሻግረው እኛ አገር በየሰፈሩ «የአረብ ሱቅ» ሲከፍቱ፣ እነዚህ አካፋ ጨብጠው ወደ ሰሜን ሄዱ።

በ1925 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው) የወጣ ደንብ፣ የእንግሊዝ ተገዥ መሆኑን የሚያሳይ ወረቀት የሌለውን ጥቁርና ጠይም መርከበኛ እንደ ባዕድ እንዲመዘገብ አስገደደው። በ1930 ሳውዝ ሺልድስ ውስጥ በቅጥር ጉዳይ ከፖሊስ ጋር ግጭት ተነሥቶ፣ ከታሰሩት የመኖች የተባረሩ አሉ። ሥራና ፖሊስ ግን የችግሩ ግማሽ ብቻ ነበር። ሰው ሲሞት ማን ያጥበዋል? ኒካሕ ማን ያስራል? ልጁን ማን ቁርኣን ያስቀራዋል?

ሼህ አብደላ አሊ አልሐኪሚ በ1936 የደረሱት ለእነዚህ ሰዎች ነው። ትውልዳቸው የመን ነው፤ ጠሪቃውን፣ የሱፊ መንገዱን፣ የያዙት ግን አልጄሪያ፣ ሞስታጋኔም ከተማ፣ ከሼህ አሕመድ አልዐላዊ እጅ ነው። አልዐላዊ ከሻዚሊያ ጠሪቃ የወጣውን የዐላዊያ ቅርንጫፍ መሥርተው በ1934 ያረፉ ታላቅ መምህር ነበሩ። ወሎ ወይም ሐረር ያደገ ሰው ነገሩ አይጠፋውም፤ ሙሪዱ፣ ማለትም ደቀ መዝሙሩ፣ ለሼሁ ቃል ይገባል፣ የዘወትር ውዳሴውን ዊርዱን ይቀበላል፣ ማታ ከወንድሞቹ ጋር ለዚክር ይቀመጣል። ልዩነቱ ቦታው ላይ ነው፤ ሳውዝ ሺልድስ ውስጥ ሼህ አብደላ ዛዊያ፣ የጠሪቃው መሰብሰቢያ ቤት፣ ያደረጉት ቀድሞ መጠጥ ቤት የነበረ ሕንፃ ነው።

እኔ ከሥራቸው ሁሉ የማስበልጠው ለሴቶቹ የሰጡትን ቦታ ነው። መርከበኞቹ ያገቡት የዌልስና የእንግሊዝ ሴቶችን ነበር። ባል ለወራት ባሕር ላይ ሲሆን፣ ቤቱን የምትይዘው፣ ልጆቹን የምታሳድገው እርሷ ናት። ከአገሯ ሰዎች ብዙዎቹ «አረብ አገባች» ብለው ፊታቸውን አዙረውባታል። የባሏን ሃይማኖት የሚያስረዳትም አልነበረም። ሼሁ ነገሩ ገብቷቸዋል፤ እናቲቱ ካልተማረች የልጁ ሃይማኖት አባቱ በተሳፈረ ቁጥር አብሮ እንደሚሳፈር አይተዋል። ስለዚህ ለሴቶች ትምህርት፣ ለልጆች የቁርኣን ቤት አቋቋሙ። በዒድ ቀን አባቶችና ልጆች የአገር ቤት ልብሳቸውን ለብሰው፣ እየዘመሩ በወደቡ ሰፈር ጎዳና ሲያልፉ ጎረቤት ሁሉ ወጥቶ ያይ ጀመር። ያኔ የመናዊው የሚፈራ የሆቴል ቤት እንግዳ መሆኑ ቀርቶ የሰፈር ሰው ሆነ።

በኋላ ሼሁ ካርዲፍን ማዕከላቸው አደረጉ። በፒል ጎዳና የነበረው መስጊድ በ1941 በጀርመን የአየር ድብደባ ፈረሰ፤ በ1943 ኑር አልኢስላም ተብሎ በዚያው ጎዳና እንደገና ተከፈተ። የእንግሊዝ የቅኝ ግዛት ሚኒስቴርም በገንዘብ ረድቷል፤ ጦርነቱ የሙስሊም መርከበኞችን ልብ መያዝ የሚጠይቅበት ጊዜ ነበር።

ማኅበሩን የሰነጠቀው ቦምቡ አይደለም፤ አገር ቤት ነው። በ1948 የየመን ገዥ ኢማም ያሕያ ተገደሉ፣ መፈንቅለ መንግሥቱ ከሸፈ፣ ልጃቸው አሕመድ ሥልጣን ያዙ። ሼህ አብደላ በዚያው ዓመት ካርዲፍ ላይ «አልሰላም» የተባለ የአረብኛ ጋዜጣ ጀምረው አዲሱን ኢማም በግልጽ ተቃወሙ። የራሳቸው ምክትል ሼህ ሐሰን ኢስማኢል ግን ከኢማሙ ጎን ቆሙ፤ ምእመኑም በየጎሳው ተከፈለ። በአሜሪካ ያሉ የእኛ አብያተ ክርስቲያናት እስከ 2018ቱ ዕርቅ ድረስ በአገር ቤትና በስደት ሲኖዶስ ተከፋፍለው የኖሩበትን ዘመን ያየ ሰው ይህን ታሪክ እንደ ሩቅ ነገር አያነበውም። ሼሁ መናገር ነበረባቸው ወይስ ለመንጋቸው አንድነት ዝም ማለት? እኔ መናገራቸውን አከብራለሁ፤ የተማሩት እውነት በዛዊያው በር ላይ የሚያበቃ አልነበረም። ዋጋው ግን ከባድ ነበር። ካርዲፍን ለቀው ወደ ኤደን ተመለሱና በ1954 እዚያው አረፉ።

ሼህ ሐሰንም በ1956 ወደ የመን ተመለሱ። ቦታቸውን የወረሱት በማደጎ ያሳደጓቸው ሼህ ሰዒድ ናቸው፤ አባታቸው የመናዊ መርከበኛ፣ እናታቸው እንግሊዛዊት። የካርዲፍን ምእመናን እየመሩ ቆይተው በ2011 አረፉ።