የልጅ ጆሮ ሕመም፦ አንቲባዮቲክ መቼ ይሰጣል? መቼስ እየተከታተሉ መጠበቅ ይሻላል?

በዚህ እትም የምናነሳው ጉዳይ በክሊኒክ ሰልፍ ላይ ደጋግመን ቅሬታ የምንሰማበት ነው። እናት ሌሊቱን «ጆሮዬን» እያለ ሲያለቅስ ያደረ ልጇን ይዛ በካኩማ ፀሐይና አቧራ ትመጣለች። ተራ ትጠብቃለች፣ ልጁ ይታያል፣ ከዚያ ፓራሲታሞል ብቻ ተሰጥቷት «ከሁለት ቀን በኋላ መልሰሽ አምጪው» ትባላለች። ስትወጣ «ስደተኛ ስለሆንን ነው እንጂ መርፌ ይወጉት ነበር» ትላለች። በማግስቱ ከሱቅ የተገዛ ካፕሱል ተከፍቶ በማንኪያ እየተበጠበጠ ለልጁ ይሰጣል። ቅሬታው ከባዶ የተነሳ አይደለም። መድኃኒት የሚያልቅበት ጊዜ አለ፤ ሠራተኛውም ደክሞት ምክንያቱን ሳያስረዳ የሚያሰናብትበት ቀን አለ። ቢሆንም ፓራሲታሞል ብቻ የተሰጠው ልጅ ሁሉ ተበድሏል ማለት አይደለም።

ሕመሙ እንዴት ይመጣል?

ከጆሮ ታምቡር በስተጀርባ አየር የያዘች ትንሽ ክፍት ቦታ አለች፤ መካከለኛው ጆሮ ትባላለች። ከእርሷ ወደ አፍንጫና ጉሮሮ ጀርባ የሚወርድ ቀጭን ቱቦ አለ። ቱቦው አየር ያስገባል፣ ፈሳሽም ያወርዳል። በአዋቂ ሰው ላይ ረዘም ያለና ቁልቁል ያዘመመ ሲሆን በሕፃን ላይ ግን አጭርና ወደ አግድም የተጠጋ ነው። ልጁ ጉንፋን ሲይዘው ቱቦው አብጦ ይደፈናል፣ ፈሳሹ መውረጃ ያጣል፣ ጀርም ይራባበታል፣ ታምቡሩም ይወጠራል። ልጁን የሚያስለቅሰው ይህ መወጠር ነው። ስለዚህ አብዛኛው የልጆች የጆሮ ሕመም የሚጀምረው ከአፍንጫ ነው፤ «ምች መታው» ወይም «ብርድ ገባበት» ብለን ጆሮውን ከውጭ ብናክመው ሕመሙ ያለበት ቦታ አንደርስም።

ጀርሙ ቫይረስ ወይም ባክቴሪያ ሊሆን ይችላል፤ ሁለቱ አብረው የሚገኙበትም ጊዜ ብዙ ነው። አንቲባዮቲክ በቫይረስ ላይ ምንም አይሠራም። ባክቴሪያ ያመጣውንም ቢሆን ብዙ ጊዜ የልጁ ሰውነት ራሱ ያሸንፈዋል።

ይህን ለማወቅ ልጆችን በሁለት ቡድን ከፍለው ለአንዱ አንቲባዮቲክ፣ ለሌላው መድኃኒት የሌለበት ተመሳሳይ ነገር እየሰጡ ያወዳደሩ ብዙ ጥናቶች ተደርገዋል። ውጤታቸው አንድ ላይ ሲታይ፣ መድኃኒቱን ወሰዱም አልወሰዱም ከ100 ልጆች 60ዎቹ በ24 ሰዓት ውስጥ ተሽሏቸዋል። በሁለተኛውና በሦስተኛው ቀን አንቲባዮቲክ ጥቂት ጥቅም ያሳያል፤ አንድ ልጅ ከሕመም እንዲያርፍ 20 ልጆች መድኃኒቱን መውሰድ አለባቸው። በሌላ በኩል ከ14 ልጆች አንዱ በመድኃኒቱ ምክንያት ተቅማጥ፣ ማስመለስ ወይም ሽፍታ ያገኘዋል። ውኃ በወረፋ በሚቀዳበት ቦታ ተቅማጥ ትንሽ ነገር እንዳልሆነ ለእናንተ መንገር አያስፈልገኝም።

በሀብታም አገሮችም ሐኪሞች ይጠብቃሉ። በኔዘርላንድ የቤተሰብ ሐኪሞች ከ1990 ጀምሮ፣ የአሜሪካ የሕፃናት ሐኪሞች ማኅበርም በ2004 ባወጣውና በ2013 ባሻሻለው መመሪያ (ዓመታቱ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) ሕመሙ ቀላል ለሆነ ልጅ ሕመም ማስታገሻ ሰጥቶ ከ48 እስከ 72 ሰዓት መከታተልን ይፈቅዳሉ። ስለዚህ መጠበቅ ለስደተኛ ብቻ የተቆረጠ ነገር አይደለም።

እኛ ጋ ምን ይለያል?

እውነቱን ለመናገር እነዚያ ጥናቶች በአብዛኛው የተደረጉት ሐኪም ቅርብ በሆነበት፣ ልጆች በደንብ በሚመገቡበት አገር ነው። የዓለም ጤና ድርጅት ሁለት መመሪያዎችም አንድ ዓይነት ነገር አይናገሩም። በብዙ የካምፕ ክሊኒኮች የምንሠራበት የሕፃናት ሕመም የተቀናጀ አያያዝ ሰንጠረዥ፣ ጆሮውን ያመመው ወይም ከ14 ቀን ላነሰ ጊዜ መግል የወጣው ልጅ አሞክሲሲሊን ለ5 ቀን ይሰጠው ይላል። በ2022 የወጣው የአንቲባዮቲክ አጠቃቀም መጽሐፍ ደግሞ ቀላል የሆነው አብዛኛው የጆሮ ሕመም ያለ አንቲባዮቲክ ይታከማል ይላል። የመጀመሪያው የተጻፈው ጆሮ ማያ መሣሪያ ለሌለው ሠራተኛ ነው፤ ታምቡሩን ማየት የማይችል ሰው ልጁን ሳያክሙ ከመመለስ አክሞ መመለስ ይሻለዋል በሚል ሐሳብ ነው።

እኔ በበኩሌ የሚከተለውን ሚዛናዊ ሆኖ አግኝቼዋለሁ። ታምቡሩን በመሣሪያ የሚያይ ሠራተኛ ካለ፣ ልጁ 2 ዓመት ካለፈው፣ ትኩሳቱ ከ39 ዲግሪ በታች ከሆነ፣ ሕመሙ ቀላልና ከሁለት ቀን ያነሰ ከሆነ፣ መግል ካልወጣውና በደንብ ከተመገበ፣ እናቲቱም በሁለት ቀን ውስጥ ልትመለስ ከቻለች መጠበቅ ይቻላል። የመጨረሻው ነገር ቀላል አይደለም። ቤቷ ከላጋው ማዶ የሆነ፣ ዝናብ ሲመጣ መሻገር የማትችል፣ ሌሎች ልጆቿን የሚጠብቅላት የሌላት እናት ናት እንበል። ይህችን እናት «ከሁለት ቀን በኋላ ነይ» ማለት «አትምጪ» ማለት ሊሆን ይችላል። እንዲህ ከሆነ ለሠራተኛው ንገሩት፤ ውሳኔው ሊለወጥ ይገባል።

መጠበቅ የማይገባቸው ልጆች አሉ። ከ6 ወር በታች የሆነ ሕፃን፣ ከ2 ዓመት በታች ሆኖ ሁለቱም ጆሮው የታመመ፣ ከጆሮው መግል የሚወጣ፣ ብርቱ ሕመም ወይም 39 ዲግሪና ከዚያ በላይ ትኩሳት ያለው፣ የክንድ መለኪያው ቀይ ያሳየ፣ በቅርቡ ኩፍኝ የያዘው፣ ኤች አይ ቪ በደሙ ያለ ልጅ መድኃኒት ያስፈልገዋል። ትኩሳት ካለው ደግሞ ጆሮው ቢያመውም የወባ ምርመራ ይደረግለት፤ ጆሮና ወባ አብረው ሊመጡ ይችላሉ።

መጠበቅ ማለት ምን ማለት ነው?

ዝም ብሎ መቀመጥ ማለት አይደለም። በመጀመሪያ ሕመሙ ይታከማል። ፓራሲታሞል በልጁ ክብደት ተለክቶ በሰዓቱ ይሰጣል። ፓናዶልና ፓራሲታሞል አንድ መድኃኒት ናቸው፤ ስማቸው ስለተለያየ ሁለቱን ደርቦ መስጠት መጠኑን እጥፍ ያደርገዋል። አስፕሪን ለልጅ አይሰጥም። ጡት የሚጠባ ይጥባ፣ ሌላው ፈሳሽ ይውሰድ።

ከዚያ ቀን መቁጠር ነው። በሁለተኛው ቀን ከተሻለው መልካም። ካልተሻለው፣ ከባሰበት ወይም መግል መውጣት ከጀመረ ቀጠሮ ሳትጠብቁ ተመለሱ፤ ያን ጊዜ አንቲባዮቲክ ይጀመራል። ይህን ያህል መዘግየት ለአብዛኛው ቀላል ሕመም ጉዳት የለውም።

ሌሊትም ቢሆን በቦዳ ቦዳ ወደ ሆስፒታል የሚያስኬዱ ምልክቶች ግን አሉ። ከጆሮው ጀርባ ያለው አጥንት አብጦ ሲነካ የሚያመው ከሆነ፣ ጆሮውም ወደ ፊት ገፍቶ ከታየ ኢንፌክሽኑ ወደ አጥንት ገብቷል። አንገቱ ከደረቀ፣ አፉ ወደ አንድ ጎን ከተጣመመ፣ ካንቀጠቀጠው፣ ከፈዘዘ፣ የበላውን ሁሉ ካስመለሰ ወይም መጠጣትና መጥባት ካቃተው አትዘግዩ። እዚህ ላይ ብዙዎች ከጆሮ ደግፍ ጋር ያምታቱታል። የጆሮ ደግፍ እብጠት ከጆሮው ሥርና ከመንጋጋው ማዕዘን ላይ ነው፣ ያኛው ከጆሮው ጀርባ ነው። መለየት ካቃታችሁ አምጡት፤ ማንም አይቆጣችሁም።

አንቲባዮቲክ ከታዘዘ የታዘዘውን ቀን ሙሉ ይሰጥ። ተሽሎት በሦስተኛው ቀን የተረፈውን ለታናሽ ወንድሙ ማስቀመጥ ልማድ ሆኗል። በውኃ የተበጠበጠ ሽሮፕ በእኛ ሙቀት ቶሎ ይበላሻል፣ መጠኑም ለሌላው ልጅ አይሆንም። ከሱቅ የሚገዛው ቴትራሳይክሊን ደግሞ ከ8 ዓመት በታች ያለ ልጅ ጥርስን ያበላሻል። አንቲባዮቲክ ያለ አግባብ በተወሰደ ቁጥር መድኃኒቱን የለመዱ ጀርሞች ይቀራሉ፤ ነገ የሳንባ ምች ሲመጣ የምንተማመንበት ያው አሞክሲሲሊን ነው።

ለበጎ ፈቃደኞች፦ መግል የሚወጣው ጆሮ

መግል መውጣቱ ታምቡሩ መቀደዱን ያሳያል። ሕመሙ በድንገት ቀለል ይላል፤ ቤተሰቡም «ፈነዳ፣ ዳነ» ብሎ ይተወዋል። ብዙ ጊዜ ቀዳዳው ራሱ ይዘጋል። መግሉ 2 ሳምንት ካለፈው ግን የቆየ ሕመም ሆኗል። የዓለም ጤና ድርጅት በ2004 እንደገመተው በዓለም ላይ ከ65 እስከ 330 ሚሊዮን ሰዎች ጆሯቸው ይመግላል፣ ከእነርሱም 60 በመቶው የመስማት ችግር አለባቸው። ለዚህ የቆየ ሕመም ዋናው ሕክምና የሚዋጥ ኪኒን ሳይሆን ጆሮውን ማድረቅና ክሊኒኩ የሚሰጠው የሲፕሮፍሎክሳሲን ጠብታ ነው። ከሱቅ የተገዛ የጄንታማይሲን ጠብታ በተቀደደ ታምቡር ውስጥ ገብቶ መስሚያውን ሊጎዳ ይችላል።

አደራረቁን ለእናቲቱ አሳዩአት። እጅ ይታጠባል። ንጹሕና ውኃ የሚመጥ ለስላሳ ጨርቅ እንደ ጧፍ ይገመዳል። ጫፉ ወደ ጆሮው ገብቶ እስኪርስ ይቆያል፣ ከዚያ ወጥቶ በሌላ ንጹሕ ይተካል። ጨርቁ ደርቆ እስኪወጣ ይደጋገማል። በቀን ቢያንስ ሦስት ጊዜ ይደረግ፤ ጠብታ ከታዘዘ የሚገባው ከማድረቁ በኋላ ነው። ጨርቁ ውስጥ ተትቶ አይታደርም። ክብሪት እንጨት፣ የፀጉር ሽቦ፣ ሙቅ ዘይት፣ ቅቤ፣ የጡት ወተት፣ የጤና አዳም ጭማቂ፣ የካፕሱል ዱቄት አይግባበት። ጤና አዳምን ለቡና እንተወው። ጆሮው እስኪደርቅ ልጁ ላጋው ሲሞላ ውስጡ አይዋኝ፣ ሲታጠብም ውኃ አይግባበት።

ለመከላከል የሳንባ ምች ክትባት (ኒሞኮካል) ይረዳል። ኬንያም ኢትዮጵያም የጀመሩት በ2011 ነው፤ በኬንያ በ6፣ በ10 እና በ14 ሳምንት ይሰጣል። ስድስት ወር ጡት ብቻ ማጥባት፣ ጡጦ ተኝቶ አለመስጠት፣ ከሰልና እንጨት ከመኝታው ውጭ ማንደድም እንዲሁ ይጠቅማል።

አንድ ነገር ቀርቷል። ሕመሙ ከለቀቀም በኋላ ከታምቡሩ ጀርባ ፈሳሽ ሊቆይ ይችላል። ከአንድ ወር በኋላ ከ100 ልጆች 40 ያህሉ፣ ከሦስት ወር በኋላም ከ10 እስከ 25 የሚሆኑት ይኖራቸዋል። ልጁ ያን ጊዜ አያመውም፣ ነገር ግን በደንብ አይሰማም። ሲጠሩት ዝም የሚል ልጅ እንቢተኛ ላይሆን ይችላል። ይህ ፈሳሽ በአንቲባዮቲክ ስለማይጠፋ ለእርሱ መድኃኒት አትጠይቁ። ለመምህሩ ንገሩትና በፊተኛው ወንበር ያስቀምጠው፤ ሦስት ወር ካለፈና አሁንም ካልሰማ ለመስማት ምርመራ ወደ ክሊኒክ አምጡት።