ድሃው ስንት ነው? ስለ ፍልስፍናና ስለ ማኅበራዊ ሳይንስ ተረቱና እውነታው

ፍልስፍናና ማኅበራዊ ሳይንስ ስላላቸው ዝምድና በሰፊው የሚነገር ታሪክ አለ። ኢኮኖሚክስና ሶሲዮሎጂ ድሮ በፍልስፍና ጉያ ነበሩ፤ መጠይቅና ስታቲስቲክስ ሲመጣ ተገንጥለው ወጡ፤ ከዚያ ወዲህ እነሱ ይቆጥራሉ፣ ፍልስፍና ደግሞ ያወራል ይባላል። የታሪኩ ግማሽ እውነት ነው። አዳም ስሚዝ በ1776 (እ.ኤ.አ.) ስለ ሀገራት ሀብት የጻፈውን ዝነኛ መጽሐፍ ከማሳተሙ በፊት በግላስጎው ዩኒቨርሲቲ የሥነ ምግባር ፍልስፍና ፕሮፌሰር ነበር። ሶሲዮሎጂ የሚለውን ስም ያስለመደው ፈላስፋው ኦገስት ኮምት ነው፤ ኤሚል ዱርኬምም በፈረንሳይ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች ፍልስፍና ሲያስተምር ቆይቶ ነው ወደ አዲሱ ሳይንስ የተሻገረው። ኮምት የሰው ልጅ አስተሳሰብ መጀመሪያ በሃይማኖት፣ ቀጥሎ በረቂቅ ፍልስፍና፣ በመጨረሻም በሳይንስ እየተመራ ያድጋል ብሎ ያስተምር ነበር፤ ተረቱን ካወረሱን ሰዎች አንዱ እሱ መሆኑ አይቀርም። ስህተቱ ያለው ቆጠራ ሲጀመር ፍልስፍና ያበቃል በሚለው ላይ ነው። ይህን ለማየት ሩቅ መሄድ አያስፈልግም፤ የራሳችን የድህነት አኃዝ ይበቃል።

በ2008 ዓ.ም. በኢትዮጵያ ሁለት ትልልቅ የቤተሰብ ጥናቶች ተካሂደዋል። አንደኛው ስለ ቤተሰብ ገቢና ፍጆታ የተደረገው ሲሆን ሁለተኛው የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት ነው። መንግሥት በመጀመሪያው ላይ ተመሥርቶ ከድህነት ወለል በታች ያለው ሕዝብ 23.5 በመቶ ነው አለ። የኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎችና የተባበሩት መንግሥታት የልማት ፕሮግራም ከሁለተኛው መረጃ ተነሥተው ያወጡት ስሌት ደግሞ ድሃውን ከ80 በመቶ በላይ አደረሰው። ሀገሩም ዓመቱም አንድ ነው። እንዲህ ያለ ልዩነት ሲታይ ቶሎ የሚመጣው ሐሳብ «አንዱ ዋሽቷል» የሚል ነው፤ ውሸታሙን መምረጥ ደግሞ እንደየሰው የፖለቲካ ዝንባሌ ነው። ሁለቱም ግን በየራሳቸው መንገድ ልክ ሊሆኑ ይችላሉ፤ የቆጠሩት አንድ ነገር አይደለምና።

የመጀመሪያው ስሌት አንድ አዋቂ በቀን 2,200 ኪሎ ካሎሪ የሚያገኝበትን የምግብ ዋጋ ያወጣና ለልብስ፣ ለቤትና ለመሳሰለው የሚያስፈልገውን ይጨምርበታል። በ2008 ዓ.ም. ድምሩ ለአንድ አዋቂ በዓመት 7,184 ብር ነበር፤ ፍጆታው ከዚህ በታች የሆነ ድሃ ነው፣ በላይ የሆነ አይደለም። ሁለተኛው ስለ ብር አይጠይቅም። አሥር ነገሮችን ያያል፤ ሁለቱ የጤና፣ ሁለቱ የትምህርት፣ ስድስቱ የኑሮ ሁኔታ ናቸው። ለሦስቱ ዘርፎች እኩል ክብደት ይሰጥና ከጠቅላላው ሲሶውን ያጣውን ቤተሰብ ድሃ ይለዋል። እስቲ አንድ የገጠር ቤተሰብ እናስብ። ጎተራው አልጎደለም፤ በቤቱ የተራበ የለም፤ የሞተ ሕፃን የለም፤ ልጆቹ ይማራሉ፣ ትልቁም ስድስተኛ ክፍልን ጨርሷል። ሆኖም ወጡ የሚሠራው፣ እንጀራው የሚጋገረው በእንጨትና በኩበት ነው፤ ወለሉ በእበት የተለቀለቀ ነው፤ መብራት አልገባም፤ ውኃ ከወንዝ ይቀዳል፤ መጸዳጃ ቤት የለም፤ ከአንድ ሞባይል በቀር ሬዲዮም ብስክሌትም የለም። ስድስቱ የኑሮ መለኪያዎች በሙሉ ጎደሉ፤ ስድስቱ ሲደመሩ ደግሞ ልክ ሲሶ ይሞላሉ። ይህ ቤተሰብ በሁለተኛው መዝገብ ድሃ ነው፤ በመጀመሪያው ከወለሉ በላይ ሊውል ይችላል። መረጃ ሰብሳቢው የቱንም ያህል ቢጠነቀቅ፣ የሚጎበኘው ቤት ቁጥር የቱንም ያህል ቢበዛ ይህ ልዩነት አይጠፋም።

ልዩነቱን የፈጠረው ድሃ የሚባለው ሰው ምን ያጣ ነው የሚለው ጥያቄ ነው። ይህን መጠይቅ አይመልሰውም፤ መጠይቁ ራሱ የሚነደፈው መልሱ ከታወቀ በኋላ ነው። የሁለተኛው መለኪያ የዘር ሐረግ ቢቆጠር ነገሩ ይበልጥ ይጠራል። ፈላስፋው ጆን ሮልስ በ1971 (እ.ኤ.አ.) ስለ ፍትሕ ባሳተመው መጽሐፍ የሰዎች ድርሻ ሊመዘን የሚገባው በእጃቸው ባለው መብት፣ ዕድልና ገቢ ነው ብሎ ነበር። አማርትያ ሴን በ1979 በስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ ባቀረበው ንግግር ይህን ተቃወመ። እግሩ የማይሠራ ሰውና ጤነኛ ጎረቤቱ ገቢያቸው እኩል ቢሆንም እኩል ወጥተው መግባት አይችሉም፤ ስለዚህ መታየት ያለበት ሰው ምን ያህል አለው ሳይሆን ባለው ነገር ምን መሆንና ምን ማድረግ ይችላል የሚለው ነው ሲል ሞገተ። ያ የፈላስፎች ሙግት ከ31 ዓመት በኋላ፣ በ2010 (እ.ኤ.አ.) ይፋ በሆነው የዘርፈ ብዙ ድህነት መለኪያ ውስጥ፣ ስለ ኩበትና ስለ መጸዳጃ የሚጠይቅ ረድፍ ሆኖ ብቅ አለ። ሴን በ1998 (እ.ኤ.አ.) የኖቤል ሽልማት ያገኘው በኢኮኖሚክስ ነው፤ በሃርቫርድ የያዘው ማዕረግ ግን የኢኮኖሚክስና የፍልስፍና ፕሮፌሰር የሚል ነው።

«ይህ የትርጓሜ ጉዳይ እንጂ ፍልስፍና አይደለም፤ ተመራማሪው የመረጠውን ብያኔ በግልጽ ይጻፍና ሥራውን ይቀጥል» የሚል ተቃውሞ ይነሣ ይሆናል። ግልጽነት ግድ ነው፤ ብቻውን ግን አይበቃም። ድሃ ማለት ከሁለት ላም በታች ያለው ነው ብሎ በጉልህ የጻፈ ሰው፣ የአዲስ አበባ ነዋሪ በሙሉ ማለት ይቻላል ድሃ ሲሆንበት፣ ግልጽነቱ አያድነውም። ላሟ ለምን እንደምትፈለግ፣ ሰው እሷን ሲያጣ ምን እንደሚጎድልበት ይጠየቃል፤ ይህን ደግሞ ተጨማሪ ቆጠራ ሳይሆን ምክንያት ነው የሚመልሰው። ብያኔና ቆጠራ ካልተገናኙ ምን እንደሚመጣ ዱርኬም ራሱ ምሳሌ ይሆናል። በ1897 (እ.ኤ.አ.) ስለ ራስን ማጥፋት ባሳተመው ጥናት መግቢያ ላይ ሰፊ ብያኔ ሰጠ፤ ጓዶቹን ለማዳን እያወቀ ወደ ሞት የሚገባውን ወታደር ሳይቀር የሚያካትት ነበር። የተጠቀመበት አኃዝ ግን ይህን ብያኔ ሰምተው በማያውቁ የመንግሥት መዝጋቢዎች የተሰበሰበ ነው። ሶሲዮሎጂስቱ ጃክ ዳግላስ በ1967 ይህን አምርሮ ተችቷል፤ መዝገቡ የሞትን ብቻ ሳይሆን የመዝጋቢውንም ፍርድ ይዟልና።

ከዚህ ተነሥቶ «እንግዲያው ሁሉም አመለካከት ነው፤ ቁጥር የፈለጉትን ያስብላል» ማለትም ያው ተረት ነው፣ ጎኑን ገልብጦ የመጣ። ማክስ ቬበር በ1904 (እ.ኤ.አ.) በጻፈው ስለ ማኅበራዊ ሳይንስ ሚዛናዊነት ድርሰቱ ሁለቱን ለይቶ አስቀምጧል፦ ምን እንደሚጠና የምንመርጠው ዋጋ በምንሰጠው ነገር ተመርተን ነው፤ ከተመረጠ በኋላ ግን ውጤቱ ለምኞታችን አይገዛም። ወለሉ የት ይሰመር የሚለው የሙግት ጉዳይ ነው። ከተሰመረው ወለል በታች ስንት ሰው አለ የሚለው ግን ማንም ደስ ባለው ቁጥር የሚሞላው ክፍት ቦታ አይደለም። በፍጆታ ሲለካ በ1988 ዓ.ም. 45.5 በመቶ የነበረው ድህነት በ2008 ወደ 23.5 ወርዷል፤ መለኪያውን የሚተች ሰው እንኳ ይህን ለውጥ ማስረዳት ይጠበቅበታል እንጂ አመለካከት ነው ብሎ ሊያልፈው አይችልም።

ውለታውም ባንድ ወገን ብቻ አይደለም፤ ፈላስፎች ይህን ማመን አንዳንዴ ያንቃቸዋል። የሰው ደህንነት በራሱ እርካታ ይመዘናል የሚለው አስተሳሰብ በፍልስፍና ረጅም ዕድሜ አለው። ሴን ይህን ሲሞግት ካነሣቸው ማስረጃዎች አንዱ ከቤንጋል ረሃብ ማግስት፣ በ1944 (እ.ኤ.አ.)፣ በካልካታ አቅራቢያ በሲንጉር የተደረገ የጤና ጥናት ነው። ሚስቶቻቸው ከሞቱባቸው ወንዶች 48.5 በመቶው ታመናል ወይም ጤናችን ደህና አይደለም ሲሉ፣ ባሎቻቸው ከሞቱባቸው ሴቶች እንዲህ ያሉት 2.5 በመቶ ብቻ ነበሩ። በዚያ ዘመን በዚያ አካባቢ ከመበለት የባሰ የተጎዳ ሰው ማግኘት አስቸጋሪ ነው። ሴቶቹ ያላማረሩት ስለተመቻቸው ሳይሆን ከኑሮ የሚጠብቁት እጅግ ጥቂት እንዲሆን ስለተገደዱ ነው ሲል ሴን ይከራከራል። ማንም ፈላስፋ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ሰው እጦቱን ሊለምደው ይችላል ብሎ መገመት ይችል ነበር፤ ልምዱ የጤና ጥያቄን መልስ እንኳ እንዲህ እንደሚያዛባ ያሳየው ግን ቤት ለቤት የዞረው ጥናት ነው።

በዘርፈ ብዙ መለኪያው ውስጥ እስካሁን የሚያከራክር ነገር አለ። ጤና ሲሶ፣ ትምህርት ሲሶ ተብሎ ሲከፈል፣ በቤቱ ሕፃን መሞቱና ከቤቱ ስድስት ዓመት የተማረ መጥፋቱ እኩል አንድ ስድስተኛ ይይዛሉ። የመለኪያው አዘጋጆች ሦስቱ ዘርፎች ለሰው ሕይወት እኩል አስፈላጊ ናቸው ብለው ይሟገታሉ፤ ክብደቱ በመጠኑ ቢለወጥም የሀገራቱ ደረጃ ብዙ እንደማይናወጥ አስልተው ያሳያሉ። ሁለተኛው መልስ የስታቲስቲክስ ነው፣ አጥጋቢም ነው። የመጀመሪያውን መመርመር የሚፈልግ ሰው ግን በኮምፒውተሩ ውስጥ የሚያገኘው መልስ የለም፤ አንድ ሞት ከስንት የትምህርት ዓመት ጋር ይመዘናል፣ ጭራሽስ መመዘን ይችላል ወይ ብሎ መከራከር ይኖርበታል።