ከቤቱ ዋጋ የሚበልጠው ወለድ

አሜሪካ ውስጥ የ500 ሺህ ዶላር ቤት ለመግዛት 100 ሺህ ዶላር ቅድሚያ ከፍሎ ቀሪውን 400 ሺህ በ6.5 በመቶ ወለድ ለ30 ዓመት የተበደረ ቤተሰብ በየወሩ 2,528 ዶላር ይከፍላል። ይህን ቁጥር ቤተሰቡ በቃሉ ይይዘዋል። ባልና ሚስት ከደሞዛቸው ጋር የሚያመዛዝኑት፣ ወዳጅ ዘመድም «ወርሃዊው ስንት መጣ?» ብሎ የሚጠይቀው እሱን ነው። በ360 ወር ተባዝቶ የሚመጣውን ግን ብዙ ሰው አያሰላውም፦ 910 ሺህ ዶላር። ከዚህ ውስጥ ብድሩ 400 ሺህ ነው፤ የቀረው 510 ሺህ ወለድ ነው። ቤተሰቡ ለገንዘቡ የከፈለው ኪራይ ከቤቱ ዋጋ በለጠ ማለት ነው።

ሞርጌጅ የሚባለው ይህ የቤት ብድር ከዋሽንግተን ዲሲ ዙሪያ እስከ አትላንታና ሲያትል የሚኖሩ ብዙ ኢትዮጵያውያን በሕይወታቸው ከሚፈርሟቸው ውሎች ሁሉ ትልቁ ነው። የመኪና ብድር በአምስት ወይም በስድስት ዓመት ያልቃል። በ35 ዓመቱ ለቤት የፈረመ ሰው ግን የመጨረሻውን ክፍያ የሚከፍለው 65 ዓመት ሲሞላው ነው። እንዲህ ያለውን ውል በወር ሒሳብ ብቻ መመዘን ሙሉውን ዋጋ ይሸፍናል።

አሠራሩን ለመረዳት የሒሳብ ሊቅ መሆን አያስፈልግም። ባንኩ በየወሩ ወለድ የሚያስበው ገና ባልተከፈለው ዕዳ ላይ ነው። በመጀመሪያው ወር ዕዳው ሙሉ 400 ሺህ ስለሆነ ወለዱ ብቻውን 2,167 ዶላር ይደርሳል። ከ2,528ቱ ዶላር ዋናውን ዕዳ ለመቀነስ የሚተርፈው 361 ዶላር ብቻ ነው። በሁለተኛው ወር ዕዳው በዚያችው መጠን ስላነሰ ወለዱ በሁለት ዶላር ገደማ ይቀንሳል፤ ሁለቱ ዶላር ወደ ዋናው ዕዳ ይዛወራል። ክፍያው ከወር ወር አንድ ዓይነት ሆኖ ሳለ ውስጡ ግን ቀስ በቀስ ይገለበጣል። ለዋናው ዕዳ የሚሄደው ገንዘብ ለወለድ ከሚሄደው የሚበልጠው በ20ኛው ዓመት ላይ ነው። የዕዳው ግማሽ የሚወርደውም በ22ኛው ዓመት ነው።

እዚህ ላይ ማጭበርበር የለም። ባንኩ በመጀመሪያውም በመጨረሻውም ዓመት የሚያስከፍለው ያንኑ 6.5 በመቶ ነው። ችግሩ ያለው ብዙ ሰው 30 ዓመት ሙሉ እዚያው ቤት ውስጥ አለመቆየቱ ላይ ነው። ሥራ ይለወጣል፣ ልጅ ይወለዳል፣ ትዳር ይፈርሳል፣ ቤቱ ይሸጣል። ያ ቤተሰብ በአምስተኛው ዓመት መጨረሻ ቢሸጥ እስከዚያ ድረስ ለባንኩ 152 ሺህ ዶላር ያህል ከፍሏል፤ ዕዳው ግን የቀነሰው በ25 ሺህ 500 ዶላር ገደማ ነው። «አምስት ዓመት ሙሉ ከፈልኩ፣ ዕዳው ግን ያው ነው» የሚለው እሮሮ የሚመጣው ከዚህ ነው። ለሽያጭ ወኪሎች የሚሄደው ኮሚሽን ሲቀነስበት፣ የቤት ዋጋ ካልጨመረ በስተቀር፣ ከተከፈለው ሁሉ እጅ ላይ የሚቀረው ጥቂት ነው።

ይህ የ30 ዓመት ቋሚ ወለድ ያለው ብድር አሜሪካ ውስጥ የተለመደ ይሁን እንጂ በሌላው ዓለም ብርቅ ነው። ጎረቤት ካናዳ ውስጥ እንኳ የተለመደው ብድሩን በ25 ዓመት እየከፈሉ ወለዱን በየአምስት ዓመቱ እንደ አዲስ መዋዋል ነው። አሜሪካም ብትሆን ሁልጊዜ እንዲህ አልነበረችም። እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ የቤት ብድር ከአምስት እስከ አሥር ዓመት የሚቆይ ሲሆን፣ ተበዳሪው የዋጋውን ግማሽ ያህል በእጁ ይዞ ይመጣ ነበር። ብዙዎቹ ብድሮች ወለድ ብቻ እየተከፈለባቸው ቆይተው ዋናው ገንዘብ በመጨረሻ በአንድ ጊዜ ይጠየቅባቸው ነበር። ታላቁ የኢኮኖሚ ድቀት ሲመጣ ባንኮች ብድሩን ማደስ አቆሙ፤ ሰዎች ቤታቸውን በገፍ አጡ።

መንግሥት በ1933 የተበላሹ ብድሮችን የሚገዛ ድርጅት አቋቋመ። በ1934 ደግሞ ባንኮች ያበደሩት ቢቀርባቸው የሚክሰው የፌዴራል ቤቶች አስተዳደር፣ ዛሬ ኤፍኤችኤ የሚባለው፣ ተመሠረተ። በ1938 ብድሮችን ከባንኮች እየገዛ ለአዲስ ብድር ገንዘብ የሚያስለቅቀው ፋኒ ሜ ተከተለ። ኮንግረስ የ30 ዓመት ብድርን በ1948 ለአዳዲስ ቤቶች፣ በ1954 ለነባር ቤቶች ፈቀደ። በእነዚህ ዓመታት ሁሉ የጥቁር አሜሪካውያን ሰፈሮች በካርታ ላይ በቀይ እየተሰመሩ ከዚሁ ርካሽ ብድር እንዲገለሉ ይደረግ ነበር፤ በቤት ሽያጭና ብድር ዘርን መለየት በሕግ የተከለከለው በ1968 ነው። ዛሬ አንድ ኢትዮጵያዊ ስደተኛ በአሌክሳንድሪያ ወይም በሲልቨር ስፕሪንግ የሚፈርመው ውል ከዚያ ታሪክ የወጣ ነው።

ብድሩን ከምንም በላይ የሚያስወድደው ወለዱ የተያዘበት ቀን ነው። ፍሬዲ ማክ የተባለው ተቋም ከ1971 ጀምሮ በየሳምንቱ በሚያወጣው አማካይ መሠረት የ30 ዓመት ብድር ወለድ በጥቅምት 1981 እስከ 18.63 በመቶ ወጥቷል፤ በጥር 2021 ደግሞ ከዚያ በፊትም በኋላም ወዳልታየ 2.65 በመቶ ወረደ። ከሦስት ዓመት ባነሰ ጊዜ ውስጥ፣ በጥቅምት 2023፣ 7.79 በመቶ ደረሰ። ያንኑ 400 ሺህ ዶላር በ2.65 በመቶ የተበደረ ሰው በ30 ዓመት የሚከፍለው ወለድ 180 ሺህ ዶላር ገደማ ሲሆን፣ በ7.79 የተበደረው 636 ሺህ ያህል ይከፍላል። ቤቱ አንድ ዓይነት፣ ሰፈሩ አንድ ዓይነት ሊሆን ይችላል። በ2021 የፈረሙ ብዙ ባለቤቶች ቤታቸውን ለመሸጥ የሚያመነቱትም ለዚህ ነው፤ ሌላ ቤት ሲገዙ ያንን ወለድ አያገኙትም።

ወለዱ ግን ሙሉው ወጪ አይደለም። የንብረት ግብርና የቤት ኢንሹራንስ አብዛኛውን ጊዜ ኤስክሮ በሚባለው ሒሳብ በኩል ከወርሃዊው ክፍያ ጋር አብረው ይሰበሰባሉ። «ቋሚ ወለድ ነው የያዝኩት፣ ታዲያ ለምን ጨመረብኝ?» ብሎ የሚደናገጥ ተበዳሪ የጨመረበት ወለዱ ሳይሆን በአብዛኛው ግብሩ ወይም ኢንሹራንሱ ነው። በዓመት 1.1 በመቶ ግብር በሚከፈልበት አካባቢ የ500 ሺህ ዶላር ቤት በዓመት 5,500 ዶላር ይጠየቅበታል፤ ምንም ሳይጨምር ቢቀር እንኳ በ30 ዓመት 165 ሺህ ይሆናል። ጣሪያው፣ ማሞቂያው፣ የውሃ ቧንቧው ለዚህ ሁሉ ተጨማሪ ናቸው።

ቅድሚያ ክፍያው ከ20 በመቶ ካነሰ ደግሞ የብድር ኢንሹራንስ ይመጣል። ይህ ኢንሹራንስ የሚጠብቀው ባንኩን ነው፤ የሚከፍለው ግን ተበዳሪው ነው። በተለመደው ብድር ላይ በ1998 የወጣ ሕግ ዕዳው ከቤቱ የመጀመሪያ ዋጋ 80 በመቶ ሲደርስ ተበዳሪው እንዲነሳለት የመጠየቅ መብት ሰጥቶታል፤ 78 በመቶ ሲደርስ፣ ክፍያው ያልተጓደለ ከሆነ፣ ባንኩ ራሱ ማንሳት አለበት። በኤፍኤችኤ ብድር ግን ነገሩ ይለያል። በ3.5 በመቶ ቅድሚያ ክፍያ መግባት ስለሚቻል ብዙ አዲስ ገዢ ይመርጠዋል፤ ሆኖም ከብድሩ 1.75 በመቶ በመግቢያው ይታሰባል፣ ቅድሚያው ከ10 በመቶ በታች ከሆነም ዓመታዊው ኢንሹራንስ ብድሩ እስኪያልቅ ወይም በሌላ ብድር እስኪተካ አይነሳም።

ለቅድሚያ ክፍያ ዕቁብ ለገቡ ሰዎች አንድ ነገር ማስታወስ ያስፈልጋል። አበዳሪዎች የቅርብ ወራትን የባንክ መግለጫ ይመረምራሉ፤ በአንድ ቀን የገባ ብዙ ሺህ ዶላር ከየት እንደመጣ ይጠይቃሉ። የዕቁቡ ዕጣ ለብድር ከማመልከት ጥቂት ወራት ቀድሞ ባንክ ቢገባ ብዙ ጣጣ ይቀንሳል።

ከሁሉ ይልቅ ሰውን የሚያዘናጋው ሪፋይናንስ፣ ማለትም አሮጌውን ብድር በአዲስ መተካት፣ ነው። ያ ቤተሰብ ከአምስት ዓመት በኋላ ወለድ ወደ 6 በመቶ ወርዶ ቀሪውን 374 ሺህ ዶላር እንደ አዲስ ለ30 ዓመት ቢበደር ወርሃዊው ወደ 2,245 ይወርዳል። በወር 283 ዶላር ተረፈ ተብሎ ይደሰታል። ነገር ግን ያለፉት አምስት ዓመታት ተሰርዘው ቆጠራው ከአንድ ጀምሯል። በአሮጌው ብድር ላይ ቀርቶት የነበረው ክፍያ 758 ሺህ ሲሆን በአዲሱ 808 ሺህ ሆነ፤ ወለዱ ቀንሶ ወጪው በ50 ሺህ ጨመረ። የአዲሱ ብድር የመዝጊያ ወጪ ገና አልተቆጠረም። ያው ቤተሰብ አዲሱን ብድር ይዞ የቀድሞውን 2,528 ዶላር መክፈሉን ቢቀጥል ግን ዕዳው በ22 ዓመት ተኩል ያልቃል፤ በአሮጌው ብድር ከመቀጠልም ወደ 75 ሺህ ዶላር ያተርፋል። ሪፋይናንስን የሚያስወቅሰውም የሚያስመሰግነውም ይህ አከፋፈል ነው።

ውድ የሆነው ጊዜው ለመሆኑ ሌላው ማስረጃ የ15 ዓመት ብድር ነው። ወለዱ አብዛኛውን ጊዜ ዝቅ ስለሚል 6 በመቶ እንበል፤ ወርሃዊው 3,375 ዶላር፣ ጠቅላላ ወለዱ 208 ሺህ ገደማ ይሆናል። ከ30 ዓመቱ ጋር ሲነጻጸር 300 ሺህ ዶላር ይተርፋል። በተቃራኒው፣ በ2025 መጨረሻ ዋሽንግተን ውስጥ የ50 ዓመት ብድር ሐሳብ ተነስቶ ነበር። በ6.5 በመቶ ቢሰላ ወርሃዊውን በ273 ዶላር ብቻ ዝቅ አድርጎ ወለዱን ወደ 953 ሺህ ዶላር ያደርሰዋል። ለእንዲህ ያለች ትንሽ እፎይታ ይህ ዋጋ ፈጽሞ የሚገባ አይደለም።

በወር 3,375 ዶላር መክፈል ለብዙ ቤተሰብ የማይቻል ነው፤ በአንድ ደሞዝ የሚኖር፣ አገር ቤት ላሉ ወላጆች የሚልክ ሰው ረጅሙን ብድር ቢመርጥ አይፈረድበትም። ለእሱ መካከለኛ መንገድ አለ። በ30 ዓመቱ ብድር ላይ በየወሩ 200 ዶላር ብቻ ቢጨምር ዕዳው በ24 ዓመት ከአምስት ወር ያልቃል፤ 112 ሺህ ዶላር ያህል ወለድም ይቀርለታል። አንድ ወር ቢቸግረው ጭማሪውን ይተወዋል፣ ማንም አይጠይቀውም።

ለፍትሕ ሲባል የሌላው ወገን ሒሳብም መነገር አለበት። ኪራይ የሚከፍል ሰው በ30 ዓመት ውስጥ ብዙ ገንዘብ አውጥቶ የሚይዘው ንብረት የለውም፤ ኪራዩም ይጨምራል። የዋጋ ግሽበትም ለተበዳሪው ይሠራል። ግሽበቱ በዓመት 3 በመቶ ቢሆን በ30ኛው ዓመት የሚከፈለው 2,528 ዶላር የዛሬ 1,041 ዶላር ያህል አቅም ብቻ ይኖረዋል። ስለዚህ 910 ሺህ የሚለው ቁጥር ሁሉም የዛሬ ዶላር አይደለም። ይህ ግን የተሻለ ወለድ ፈልጎ ላለመዞር ሰበብ አይሆንም። ከወለድ የሚርቁ ሙስሊም ወገኖች በሚጠቀሙባቸው የሽያጭና የኪራይ ውሎችም ቢሆን ጠቅላላውን ክፍያ ከሌላው ጋር ማስተያየት ያዋጣል።

ይህን ሁሉ ተበዳሪው ራሱ ማስላት አይጠበቅበትም፤ ሕጉ አስልቶ እንዲሰጠው ያዝዛል። ካመለከተ በኋላ በሦስት የሥራ ቀናት ውስጥ የሚደርሰው የብድር ግምት ሦስተኛ ገጽ ላይ በአምስት ዓመት ውስጥ ምን ያህል እንደሚከፍልና ከዚያ ውስጥ ምን ያህሉ ዋናውን ዕዳ እንደሚቀንስ ተጽፏል። ከመፈረሙ ሦስት የሥራ ቀን በፊት በሚደርሰው የመዝጊያ መግለጫ አምስተኛ ገጽ ላይም የክፍያዎች ጠቅላላ ድምር በአንድ መስመር ተቀምጧል። ቤት ለመግዛት የተነሳችሁ ከሁለትና ከሦስት አበዳሪ ግምት ተቀብላችሁ ሦስተኛውን ገጽ ጎን ለጎን አስተያዩ፤ ለፊርማ ስትቀርቡም አምስተኛውን ገጽ ሳታነቡ አትፈርሙ። ከፈረማችሁ በኋላ ተጨማሪ ገንዘብ ስትልኩ ለዋናው ዕዳ እንዲውል በግልጽ ጻፉ፤ በሚቀጥለው ወር መግለጫም ዋናው ዕዳ በዚያው ልክ መቀነሱን አረጋግጡ።