ይግባኝ ባዩ ባይቀርብስ?

ክቡር አንባቢ፤ በገንዘብ ወይም በርስት ክርክር ከሳሹ በቀጠሮው ቀን ሳይቀርብ ሲቀር መዝገቡ እንደሚዘጋ ታውቃለህ። የራሱን ጥቅም ያልተከታተለ ሰው ቅር ቢለው በራሱ ነው። ነገር ግን በወንጀል ተፈርዶበት ይግባኝ ያለ ሰው በቀጠሮው ቀን ቢታጣ፥ ይግባኙ ሳይመረመር ሊሰረዝ ይገባልን?

ይህን ጥያቄ የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደጋግሞ መርምሮታል። በአውሮፓ አቆጣጠር በ1987 ዓ.ም. ይግባኝ ባዩም ጠበቃውም ባልቀረቡ ጊዜ ይግባኙን መሰረዝ እንደሚቻል፥ ጠበቃው ሳይሰማ ግን በፍሬ ነገሩ ላይ መፍረድ እንደማይገባ ተናግሮ ነበር። አሳቡ ጠበቆችን ሥርዓት ለማስያዝ ነው፤ መቼም ጠበቃው ሲያጠፋ ወህኒ የሚወርደው ደንበኛው መሆኑ እንግዳ ተግሣጽ ነው።

በ1996 ዓ.ም. ሦስት ዳኞች የተሰየሙበት ችሎት ይህን አሳብ ሻረው። የአላሃባድ ከፍተኛ ፍርድ ቤት የተፈረደባቸውን ሰዎች ይግባኝ፥ እነርሱም ጠበቃቸውም ስላልቀረቡ ብቻ ዘግቶት ነበር። ዳኞቹ የሥነ ሥርዓቱን ሕግ ቃል አስተውለው አነበቡ። ሕጉ መዝገቡ እንዲመረመር ያዝዛል፤ ይግባኝ ባዩ ወይም ጠበቃው የሚሰማው ግን «ከቀረበ» ነው። እንግዲህ መምጣት በይግባኝ ባዩ ፈቃድ ላይ ቢቆም፥ መዝገቡን ማንበብ በዳኛው ላይ የወደቀ ግዴታ ነው። ፍርዱ ትክክል ከሆነ ይጸናል፤ ስሕተት ቢገኝበት ይታረማል።

በዋስ ወጥቶ ነገሩን ሆን ብሎ የሚያጓትት ሰውም በዚህ አይጠቀምም፤ ፍርድ ቤቱ ቀጠሮ የመለወጥ ግዴታ ስለሌለበት እርሱ በሌለበት ሊፈርድ ይችላል። እስረኛው ግን ሌላ ነው። በገዛ እግሩ ወደ ችሎት መምጣት አይችልምና፥ ሌላ ቀን ቢቀጠርለት እንደሚሻል፥ ጠበቃው ከቀረም ፍርድ ቤቱ ተገቢ መስሎ ሲታየው በመንግሥት ወጪ ጠበቃ ሊያቆምለት እንደሚችል ዳኞቹ ገለጹ።

የእስረኛው ነገር በሌሎች እጅ መሆኑን የአገራችን ሕግም አልዘነጋውም። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ፍርዱ በተነገረ በ15 ቀን ውስጥ ይግባኝ ማለትን እንዲያስታውቁ፥ የፍርዱ ግልባጭ በደረሰ በ30 ቀን ውስጥ የይግባኙን ማመልከቻ እንዲያቀርቡ ወሰነ። የታሰረ ሰው ወረቀቱን ለወህኒ ቤቱ ኃላፊ ይሰጣል፤ ኃላፊውም ወደ ፍርድ ቤቱ ሬጅስትራር ያስተላልፋል። አንባቢ ሆይ፥ አንተም በጽሕፈት ቤት የምትሠራ ነህና፥ አንድ ወረቀት በመሳቢያ ውስጥ 15 ቀን ማደሩ እንዴት ቀላል እንደሆነ አይጠፋህም። ይኸው ሕግ ቀኑ ያለፈው በራሱ ጉድለት አለመሆኑን ላስረዳ ሰው፥ ጊዜው ካለፈ በኋላም ይግባኝ እንዲል ፈቃድ የሚጠይቅበትን በር ከፍቶለታል።